አህያውን ፈርቶ ዳውላውን፦ ስለ ንግሥት አሌክሳንድራ ቢራቢሮ ለተጻፈ ጽሑፍ የተሰጠ ምላሽ

በአማርኛ ስለ ነፍሳት የሚጽፍ ሰው ብርቅ ነው። የፓፑዋ ኒው ጊኒዋን የንግሥት አሌክሳንድራ ቢራቢሮ የሚመለከተው ጽሑፍ ሰሞኑን እጄ ሲገባ ደስ ያለኝ ለዚሁ ነው። ደግሜ ሳነበው ደስታዬ ቀዘቀዘ፤ ሦስተኛ ሳነበው ብዕር አነሣሁ።

ጸሐፊው የሚሉት ባጭሩ ይህ ነው። በዓለም ካሉ በራሪ ነፍሳት ሁሉ ትልቋ እሷ ናት። እስከ 1906 ድረስ የሚያውቃት አልነበረም። መርዝ እየበላች ስለምታድግ በተፈጥሮ ጠላት የላትም። በ1951 የፈነዳ እሳተ ገሞራ ዘሯን አመነመነው፤ የተረፈውን ደግሞ ዛሬ ሰብሳቢዎችና ኮንትሮባንዲስቶች እየጨረሱት ነው። ስለዚህ ንግዱ ጨርሶ ይዘጋ፣ ነዋሪውም ከጫካው ይራቅ። ከነዚህ ውስጥ አንዳንዱ ስሕተት፣ አንዳንዱ ግማሽ እውነት ነው። የመረረኝ ግን መደምደሚያው ነው። (እንደ ጽሑፉ ሁሉ እኔም ዓመተ ምሕረቱን በአውሮፓውያን አቆጣጠር እጽፋለሁ።)

በመጠኗ ልጀምር፤ ቀላሉ እሱ ነው። የሴቷ ክንፍ ሲዘረጋ ከ25 ሴንቲ ሜትር ያልፋል፤ እስከ 28 ሴንቲ ሜትር የደረሱም አሉ። ገላዋ ብቻውን 8 ሴንቲ ሜትር ያህል ይረዝማል፤ ክብደቷ እስከ 12 ግራም ይደርሳል። ጸሐፊው ከቢራቢሮዎች ሁሉ ትልቋ ናት ብለው ቢያቆሙ ኖሮ የሚከራከራቸው አልነበረም። ከበራሪ ነፍሳት ሁሉ ሲሉ ግን የእሳት ራትን ረሱ። በመካከለኛውና በደቡብ አሜሪካ ደኖች የምትኖር አንዲት ነጣ ያለች የእሳት ራት በክንፍ ስፋት ትስተካከላታለች፤ በክብደት ከሄድን ደግሞ የእኛዋ አፍሪካ ጎልያድ ጢንዚዛ በብዙ ትበልጣታለች። ቢራቢሮዋ የምትመደብበት ወገን በሳይንስ ኦርኒቶፕቴራ ይባላል፤ ከግሪክ የተወሰደ ቃል ነው፣ «የወፍ ክንፍ» ማለት ነው። ስሙ ለወገኑ ይገባዋል፤ ከዛፍ ጫፍ በላይ ሲያንዣብቡ ያያቸው ሰው መጀመሪያ ወፍ ነው የሚላቸው። በጽሑፉ ራስጌ ላይ ስለተቀመጠው ፎቶም የምለው አለኝ፤ እሱ ይቆየን።

ሁለተኛው ነጥብ የ1906 ጉዳይ ነው። ጸሐፊው አገኛት የሚሉት አልበርት ስቱዋርት ሚክ፣ እንግሊዛዊው ባለጸጋ ዋልተር ሮትሺልድ እየከፈለ የሚያሰማራው ሰብሳቢ ነበር። ጽሑፉ በመረብ ያዛት ይላል። መረቡማ አልደረሰባትም፤ በደቃቅ እርሳስ በሚበተን የአደን ጠመንጃ ተኩሶ ነው የጣላት። ያቺ የመጀመሪያዋ ሴት ቢራቢሮ ዛሬም ለንደን በሚገኘው የተፈጥሮ ታሪክ ሙዚየም አለች። ሮትሺልድ በተከታዩ ዓመት፣ በ1907፣ በንጉሥ ኤድዋርድ ሰባተኛ ሚስት በንግሥት አሌክሳንድራ ስም ሰየማት።

እንግዲህ የሚያውቃት አልነበረም የሚባለው ከዚህ በፊት ላለው ዘመን ነው። የኦሮካይቫ ሕዝብ ቢራቢሮዋ በምትገኝበት በፖፖንዴታ ሜዳ ላይ ስንት ትውልድ እንደኖረ ጸሐፊው ሊጠይቁ ይገባ ነበር። ከራሱ በላይ ሳሕን የሚያህል ክንፍ ዘርግታ የምትሄደውን ፍጥረት አንድ የጫካ ሰው ሳያያት ኖረ ብሎ ማሰብ ለእኔ ይከብደኛል። የአካባቢው ሰዎች የሚናገሩት ነገር ደግሞ አለ፦ ክዊላ የተባለው ታላቅ ዛፍ ሲያብብ ወንዶቹ በዙሪያው ይርመሰመሳሉ፤ አበባውን ያልጎበኘ ወንድም በሴቷ ዘንድ ተቀባይነት የለውም ይላሉ። ይህን ያለ ሰው ቢራቢሮዋን አያውቃትም ካልን ማወቅ የሚለውን ቃል ትርጉም መቀየር ሊኖርብን ነው።

ከሚክ ታሪክ ጽሑፉ የዘለለው አንድ ነገር አለ፤ ኋላ ስለሚያስፈልገን እዚህ ላንሣው። ሚክ ብዙም ሳይቆይ አባጨጓሬዎቹን አገኘና ማሳደግ ጀመረ። በመጀመሪያዎቹ ዓመታት ወደ አውሮፓ ከተላኩት አብዛኞቹ ከአባጨጓሬ ጀምሮ ያደጉ ነበሩ። ምክንያቱ ግልጽ ነው፦ በጥይት የወደቀ ክንፍ ወንፊት ይሆናል፤ ባደገበት ቅርንጫፍ ላይ፣ አባጨጓሬው ከተጠቀለለበት ሽፋን የወጣ ግን አንድ ቅርፊት አይጎድልበትም። ቢራቢሮዋን ሳያድኑ ማግኘት የሚቻልበት መንገድ ከመቶ ዓመት በፊት ታውቋል ማለት ነው።

መርዝ ስለመብላቷ ጸሐፊው ትክክል ናቸው፤ መርዙ ምን እንደሚያስከትል ሲናገሩ ነው የሳቱት። አባጨጓሬዋ የምትበላው ፓራሪስቶሎኪያ ዲየልሲያና የተባለ ሐረግ ነው። በዛፍ ላይ እየተጠመጠመ እስከ ጫካው ጣራ ይወጣል፤ በውስጡ ያለው አሲድ ለሰው ኩላሊት ጠንቅ ነው። አባጨጓሬዋ ግን ትበላዋለች፣ መርዙን በገላዋ ታከማቻለች፤ ጥቁር ገላዋ በቀያይ እሾሆች ተሞልቶ ወገቧ ላይ ነጣ ያለ መቀነት ጣል ሲደረግበት ለወፍ «አትንኪኝ» የሚል ማስታወቂያ ነው። ይህ ሁሉ ከማንም ያድናታል ማለት ግን አይደለም። እንቁላሎቹን ጉንዳን ይወስዳቸዋል፤ በአየር ላይ ድር የሚዘረጋ ትልቅ ሸረሪት አዋቂዋን ሳይቀር ያጠምዳታል።

የሐረጉ ነገር ግን ከመርዝነቱ በላይ በሌላ ምክንያት ሊጻፍለት ይገባ ነበር። አባጨጓሬዋ ከእሱ በቀር ምግብ የላትም። ከእንቁላል ወጥታ መጀመሪያ የራሷን ቅርፊት ትበላለች፤ ከዚያ በኋላ ግን ቅጠሉ ነው፣ ሌላ የለም። እንቁላል ከተጣለበት ቀን አንሥቶ በሽፋን እስክትጠቀለል ስድስት ሳምንት ያህል፣ በሽፋኑ ውስጥ አንድ ወር ወይም ትንሽ በለጥ ያለ ጊዜ ትቆያለች። ስትወጣም በማለዳ፣ አየሩ እርጥብ ሳለ መሆን አለበት፤ እርጥበቱ ከቀነሰ ያ ሰፊ ክንፍ ገና ሳይዘረጋ ይደርቅና ለዘለዓለም ተጨማድዶ ይቀራል። ስለዚህ ሐረጉ ያስፈልጋታል፤ ሐረጉ የሚጠመጠምበት ረጅም ዛፍ ያስፈልጋታል፤ እርጥበቱን የሚይዝላት ጫካም ያስፈልጋታል። ሴቷ በአንድ ጊዜ የምትሸከመው እንቁላል 27 አካባቢ ነው፤ በዕድሜዋ ሙሉ 240 ያህል። ለነፍሳት ይህ የድሃ ቁጥር ነው። ጠላት የላትም የሚለው ዐረፍተ ነገር የሚፈርሰው እዚህ ላይ ነው፦ ሐረጉን የቆረጠ ሁሉ ጠላቷ ነው።

ስለ እሳተ ገሞራው የተጻፈው ቁጥሩ ልክ ነው። ላሚንግተን ተራራ በጥር 1951 ሲፈነዳ 3,000 ያህል ሰው ሞቷል፤ የመንግሥት አስተዳደር መቀመጫ የነበረችው ሂጋቱሩም ከነሰዎቿ ጠፍታለች። ያ ተራራ እሳተ ገሞራ መሆኑ እስከዚያ ወር ድረስ በሰፊው አይታወቅም ነበር። ቢራቢሮዋ ትኖርበት ከነበረው ጫካም 250 ካሬ ኪሎ ሜትር ያህሉ ወድሟል። ከባድ ጉዳት ነው። ነገር ግን እሳተ ገሞራ ፈንድቶ ያቆማል። በላሚንግተን ቁልቁለቶች ላይ ዕፅዋቱ ማንሰራራት የጀመረው በጥቂት ዓመታት ውስጥ ነበር። ጸሐፊው ያላነሡት ከዚያ በኋላ የሆነውን ነው። የተራራው አመድ አፈሩን አለመለመው፤ ለም አፈር ደግሞ ከሐረጉ ይልቅ ሌላ ተክል የሚፈልግ እንግዳ ጠራ። ዛሬ ሂጋቱሩ የሚለውን ስም የምትሰሙት ከዘይት ፋብሪካ ጋር ተያይዞ ነው።

ወደ ዋናው ክርክር ደረስን። ከጽሑፉ ግማሽ ያህሉ የተሰጠው ለሰብሳቢዎች ነው፤ ታሪኩ የሚያስቆጣ መሆኑን አልክድም። በ2007 ሎስ አንጀለስ ላይ የ21 ወር እስራት የተፈረደበት ጃፓናዊ ነጋዴ፣ አንድ ወንድና አንዲት ሴት የአሌክሳንድራ ቢራቢሮዎችን ገዢ መስሎ ለቀረበ የአሜሪካ መንግሥት መርማሪ በ8,500 ዶላር ሸጦ ነበር። እንዲያውም ለጸሐፊው የሚያግዝ አንድ ነገር ልጨምርላቸው፦ ሰብሳቢ የሚፈልገው እንከን የሌለው ክንፍ ስለሆነ ቢራቢሮዋን የሚለቅማት ከሽፋኗ በወጣችበት ጠዋት ነው፤ እንቁላል ሳትጥል ማለት ነው። መንጋዋ ባነሰበት ቦታ ይህ ይጎዳል።

ግን ጸሐፊው የሚጠይቁት እኮ ከተደረገ ቆይቷል! በፓፑዋ ኒው ጊኒ ይህችን ቢራቢሮ መያዝና መሸጥ የተከለከለው በ1960ዎቹ፣ አገሪቱ ገና በአውስትራሊያ አስተዳደር ሥር ሳለች ነው። በዱር እንስሳትና ዕፅዋት ዓለም አቀፍ ንግድ ስምምነት ደግሞ በመጀመሪያው ዝርዝር፣ ማለትም ከዱር የተያዘ ለንግድ ድንበር አይሻገርም በሚባሉት መካከል ናት። የቀሩት የወፍ ክንፍ ቢራቢሮዎች ሁሉ በፈቃድ መሸጥ በሚቻልበት በሁለተኛው ዝርዝር ሲሆኑ፣ ወደ መጀመሪያው የወጣችው እሷ ብቻ ናት። ከዚህ የጠበቀ መዝጊያ የለም። በሩ ከግማሽ ምዕተ ዓመት በላይ ተዘግቶ ሳለ ቢራቢሮዋ ዛሬም በመጥፋት አደጋ ላይ ናት። አንድ ሐኪም ለሃምሳ ዓመት የሰጠው መድኃኒት አልሠራ ሲል መጠኑን ጨምሩበት ይላል ወይስ በሽታውን እንደገና ይመረምራል?

በሽታው የፓልም ተክል ነው። ከ1970ዎቹ ጀምሮ የፖፖንዴታ ሜዳ በፓልም ዘይት ተክል መሸፈን ጀመረ። የኩባንያ እርሻ ብቻ አልነበረም፤ የዓለም ባንክ ባበደረው ገንዘብ ገበሬዎችም በትንሽ በትንሽ መሬታቸው እንዲተክሉ ተደርጓል። ቢራቢሮዋ ከምትኖርባቸው ሁለት ቦታዎች አንዱ ይህ ሜዳ ነው፤ ሁለተኛው ከደቡብ በኩል ያለው የማናጋላስ ከፍታ ነው። ጫካው ሲመነጠር ዛፉ ይወድቃል፣ ሐረጉም አብሮ ይወድቃል፣ በሐረጉ ላይ ያለው እንቁላልም፣ አባጨጓሬም፣ ሽፋንም። ኮንትሮባንዲስት በማሰሮ የሚወስደውን ቡልዶዘር በአንድ ከሰዓት በኋላ ይጨርሰዋል፤ ያውም በሕግ፣ በፈቃድ፣ በባንክ ብድር። በመንጠር የታሰረ ሰው አልሰማሁም። አንዲት ቢራቢሮ በሻንጣ የያዘ ግን ይታሰራል። አህያውን ፈርቶ ዳውላውን ማለት ይህ ነው።

ፓልም ሲባል ለእኛ አንባቢ ሩቅ ነገር እንዳይመስለው። ከቀበሌ ሱቅ ተሰልፈን የገዛነው፣ በብርድ ጊዜ የሚረጋው ዘይት ከዚሁ ተክል ነው። ወደ እኛ የሚመጣው በአብዛኛው ከማሌዥያና ከኢንዶኔዥያ ስለሆነ ያቺን ቢራቢሮ እኛ አልበላናትም፤ ተክሉ ግን አንድ ነው፣ አገሩም ሩቅ አይደለም። ፓልም መነሻው የምዕራብ አፍሪካ ጫካ ነው። ዘይቱን እዚህ የምወቅሰው ያለ እሱ እንኑር ለማለት አይደለም፤ እኔም ቤት አለ። ቦታውን ነው የምለው፦ ያ ሐረግ በሚበቅልበት በዚያ ጠባብ ሜዳ ላይ ሳይሆን የትም ይተከል።

አሁን ሚክ ያሳደጋቸውን አባጨጓሬዎች እናስታውስ። በሞሮቤ ክፍለ ሀገር ቡሎሎ በምትባል ከተማ የፓፑዋ ኒው ጊኒ መንግሥት በ1978 አንድ ድርጅት አቋቋመ፤ ሥራው ገበሬዎች ያሳደጓቸውን ነፍሳት እየገዛ ለውጭ ሙዚየሞችና ሰብሳቢዎች መሸጥ ነው። አሠራሩ እንዲህ ነው። ገበሬው በአትክልቱ ዳርቻ የሐረጉን ዘመዶች ይተክላል፤ ለአዋቂዎቹም አበባ ያበቅላል። አጥር የለም፣ መረብ የለም። ሴቶቹ ቢራቢሮዎች ከጫካ በራሳቸው ክንፍ መጥተው እንቁላል ጥለው ይሄዳሉ። አባጨጓሬው አድጎ ሲሸፈን ገበሬው ከፊሉን ይለቅማል፣ ከፊሉን ተፈልቅቆ እንዲበር ይተወዋል፤ ካልተወ በሚቀጥለው ወቅት የሚለቅመው አይኖረውም። ጫካውን ከመነጠረም እንዲሁ፣ እናቶቹ ከየት ይመጡለታል? ለዚህ ጠባቂ አልተቀጠረም፤ ሒሳቡ ራሱ ይጠብቀዋል። በዚህ መንገድ የሚሸጡት እንደ ፕሪያመስ ያሉት በርከት ብለው የሚገኙ የወፍ ክንፍ ቢራቢሮዎች ናቸው።

አሌክሳንድራ ግን በዚህ ገበያ የለችም። በመሬቱ ላይ ሐረጉ የበቀለለት የኦሮ ክፍለ ሀገር (የፖፖንዴታ ሜዳ ያለበት) ገበሬ ከእሷ አንድ ኪና፣ ማለትም የአገሩን አንድ ብር፣ አያገኝም። ሐረጉን ቆርጦ ፓልም ቢተክል ግን ፍሬውን ጭኖ የሚወስድለት መኪና ደጁ ድረስ ይመጣለታል። ልጁን ትምህርት ቤት የሚልክ አባት ከሁለቱ የትኛውን እንዲመርጥ ነው የምንጠብቀው? ጸሐፊው ጽሑፋቸውን ሲጽፉ ይህን ሰው ያሰቡት አይመስለኝም። ሰብሳቢውንና ቢራቢሮዋን አዩ፤ በመካከላቸው የቆመውን ባለመሬት አላዩትም።

እሷን ማርባት እንደ ፕሪያመስ ቀላል ነው አልልም። እንቁላሏ ጥቂት ነው፣ ሐረጉም ቶሎ አያድግም፤ እርባታን ሰበብ አድርጎ ከዱር የተሰረቀውን እንደ እርባታ ውጤት የሚሸጥ ሰው እንደማይጠፋም አውቃለሁ። ሆኖም ስምምነቱ ራሱ በተመዘገበ ቦታ የተረባውን ለመሸጥ ቀዳዳ ትቷል። ጨርሶ ይዘጋ ከማለት ይልቅ ያ ቀዳዳ በጥንቃቄ ለማን ይከፈት ብሎ መከራከር ይሻል ነበር። እኔ ለባለመሬቱ እላለሁ።

የመጨረሻው ነጥባቸው ነዋሪው ከጫካው ይራቅ የሚለው ነው። ለማን ይነገር? በፓፑዋ ኒው ጊኒ ከመሬቱ 97 በመቶ ያህሉ በጎሳና በቤተሰብ የተያዘ የአባቶች መሬት ነው፤ እኛ በድሮው ቋንቋ ርስት የምንለው ዓይነት። መንግሥት ካርታ ዘርግቶ «ከዚህ እስከዚህ ፓርክ ነው፣ ውጡ» የሚልበት አገር አይደለም። ባለቤቱን ካልናቁ አጥሩን አይነቀንቁ ይባል የለ። የማናጋላስ ሰዎች ያደረጉት ከዚህ ተቃራኒውን ነው። መንደሮቹ እርስ በርሳቸው እየተመካከሩ ከ30 ዓመት በላይ ከተጓዙ በኋላ፣ በ2017 መሬታቸው በሕግ የጥበቃ ክልል ተብሎ ታወጀ። ከክልሉ ማንም አልወጣም። እዚያው ያርሳሉ፣ እዚያው ያድናሉ፤ ለኢንዱስትሪ እርሻና ለግንድ ቆራጭ ግን በሩን ዘግተዋል።

ታዲያ የሚተዳደሩት በምንድን ነው? ከሚሸጡት አንዱ ቡና ነው፤ አረቢካ። ዘሩ ብዙ አገር ዞሮ እዚያ የደረሰ፣ ሲወርድ ሲዋረድ ከእኛው ጫካ የወጣ ቡና። ሳስበው አንዳንዴ ይገርመኛል፦ ሁለት የአፍሪካ ተክሎች በዚያች ቢራቢሮ አገር ላይ ተገናኝተው፣ አንዱ ጫካዋን ሲያስመነጥር ሌላው በዛፍ ጥላ ሥር እየበቀለ ባለመሬቱ ጫካውን እንዳይሸጥ ያግዘዋል። (በዚያው ክፍለ ሀገር ጠረፍ ላይ ቡና የምትባል መንደርም አለች፤ በ1942 መጨረሻ የጃፓን ጦር ከአሜሪካና ከአውስትራሊያ ጦር ጋር ክፉኛ የተዋጋባት ናት። ስሟ ከመጠጡ ጋር ዝምድና የለውም፤ ካርታው ላይ ሳያት ግን ፈገግ ማለቴ አልቀረም።)

ጸሐፊው ይህን ካነበቡ መልስ እንዲሰጡኝ እወዳለሁ፤ በተለይ ከሃምሳ ዓመት ክልከላ በኋላ ሌላ ክልከላ ምን እንደሚጨምር። እስከዚያው ግን ያቺን ፎቶ ይቀይሯት። «የዓለም ትልቋ» ብለው ከራስጌ ያስቀመጡት፣ አረንጓዴና ሰማያዊ የሚያብረቀርቀው፣ ሆዱ ቢጫ የሆነው ወንዱ ነው፤ ከእሷ በብዙ ያንሳል። ትልቋ ቡናማ ናት፤ ነጣ ነጣ ያሉ ነጠብጣቦች ክንፏ ላይ አሉ።